ተናደሽ ሳለሽ ጥለሽ እንዳትወጪ

ልጄ፣

ወንድምሽ ትናንት ማታ ደውሎ ነገረኝ። ከኳርቴቱ፣ ከአራታችሁ የሙዚቃ ቡድን፣ ልትወጪ ነው አሉ። «ሁሌ ሁለተኛ ቫዮሊን፣ ሰለቸኝ» ብለሽ በሩን ወርውረሽ ወጥተሻል። እናትሽ አልሰማችም፤ እኔም አልነገርኳትም። አንድ ነገር ብቻ ልለምንሽ። ተናደሽ ሳለሽ ጥለሽ እንዳትወጪ።

የምትኖሪው ፕራግ ነው፤ የቼኩን ሙዚቀኛ ዮሴፍ ሱክን ከእኔ በላይ ታውቂዋለሽ። ግን የትኛው ወንበር ላይ እንደኖረ አስበሽ ታውቂያለሽ? በፈረንጆቹ 1891 አራት የኮንሰርቫቶሪ (የሙዚቃ ትምህርት ቤት) ልጆች የቦሄሚያ ኳርቴትን ሲጀምሩ ገና 17 ዓመቱ ነበር። ዜማውን የሚመራው አንደኛው ቫዮሊን የካሬል ሆፍማን ሆነ። ሱክ ሁለተኛውን ያዘ። ያውም የታላቁ የሙዚቃ ደራሲ የድቮርዣክ ተማሪ፣ ኋላም አማቹ፣ ራሱም ትልቅ የሙዚቃ ደራሲ! እስከ 1933 ከዚያች ወንበር አልተነሳም። በ1904 ድቮርዣክ ሞተ፤ በዓመቱ ኦቲሊዬ፣ የሱክ ሚስት፣ አባቷን ተከተለች። ሱክ ሁለቱንም ቀብሮ ተመልሶ ያንኑ ሁለተኛ ቫዮሊን ያዘ።

«እነሱማ ተስማምተው ነው» እንዳትዪኝ። ቼሎ የሚጫወተው ኦቶ በርገር ታመመና በ1897 በለጋነቱ ሞተ። ከታመመ ጀምሮ አስተማሪያቸው ሃኑሽ ቪሃን ራሱ ቼሎውን ይዞ ከተማሪዎቹ መሃል ተቀመጠ። ይሄ ሁሌ ይገርመኛል። በ1906 ደግሞ የባሰው መጣ። የቪዮላው ኦስካር ኔድባል ከሆፍማን ሚስት ጋር ተዋደው ሄዱ። እንዲህ ያለ ነገር ቤት ያፈርሳል። ኳርቴቱ ግን አልፈረሰም። ዪርዢ ሄሮልድ ቪዮላውን ያዘ፣ ሆፍማንም የቫዮሊኑን ደጋን አነሳ፤ ከዚያ በኋላ ሃያ ምናምን ዓመት ተጫወቱ። የእናንተ ጠብ ከዚህ ይብሳል?

ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን ክራር ለምን እንደማልነካው ስትጠይቂኝ «ክሩ ተበጥሶ ነው» እልሽ ነበር። ዋሽቼሻለሁ። አራት ሆነን ሰርግ እንሠራ ነበር። አንድ ሌሊት በክፍያ ተጣላንና ክራሬን አንስቼ ወጣሁ። በሳምንቱ ማሲንቆ ተጫዋቹ ቤቴ መጣ። በደጋኑ ጫፍ ቆርቆሮውን በር ቀስ አድርጎ አንኳኳ። ሦስቴ። ዝም አለ። ደግሞ ሦስቴ። እናትሽን «የለም በዪው» አልኳት። የቆርቆሮ በር ድምፅ አይከለክልም፤ ሰምቶኛል። በሚቀጥለው ክረምት ቀበርነው። እስከ ዛሬ በር ሲንኳኳ ቀድሜ የምነሳው ለዚህ ነው።

እና በር ወርውሮ መውጣት ከማን ተማርሽ ብዬ ልቆጣሽ አልችልም። ግን እቆጣለሁ። ተናደሽ አትወጪ! ከወር በኋላ፣ ልብሽ ረግቶ፣ አሁንም መውጣት ከፈለግሽ ውጪ። ሦስቱን ፊት ለፊት አስቀምጠሽ፣ ነግረሽ፣ ተሰናብተሽ።

እሁድ ጥሪያቸው። እናትሽ የላከችው ቡና አላለቀም አይደል? አፍዪላቸው። ቀድመሽ ይቅርታ የምትዪው አንቺ ሁኚ፤ ማን ጀመረ የሚለውን ተዪው። ቫዮሊንሽንም ከማሞቂያው አርቂው፤ ደረቅ ሙቀት እንጨት ይሰነጥቃል። ምሳ ሳትበዪ ልምምድ አትግቢ።

ክራሩን ዛሬ ጠዋት አውርጄ አቧራውን ጠረግሁት። ስትመጪ ስድስት ክር ይዘሽልኝ ነይ።

አባትሽ