ደብዳቤ ለልጄ፦ ጄሶ ባዶ ገላ ላይ አታድርጊ

ልጄ፣ እንደምን አለሽ? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። ወንድምሽ ትናንት ማታ ደውሎ ሁሉን ነገረኝ። ለፊልሙ የሚቆረጠውን እጅ ለመሥራት የልጁን እጅ በጄሶ ለስነሽ አቃጠልሽው አሉ። ለአባዬ እንዳትነግሩትም ብለሻል። እንቅልፍ የሚባል በዓይኔ አልዞረም።

ጄሶ ባዶ ገላ ላይ አታድርጊ። ቀኝ እጄን እያየሽ ነው ያደግሽው። ጣቶቼ ለምን እንደማይታጠፉ ግን በደንብ ነግሬሽ አላውቅም። ሥራ ለማጅ ሳለሁ ከጓደኞቼ ጋር እልህ ተጋባንና የእጄን ቅርጽ አወጣለሁ ብዬ የተበጠበጠ ጄሶ ባልዲ ውስጥ ከተትኩት። መጀመሪያ ይቀዘቅዛል። ከዚያ ለብ ይላል፣ ደስም ይላል። ሲፋጅ እጄን ልመልስ ብል ደርቆ ይዞኛል። ጄሶ ሲጠነክር ከራሱ ሙቀት ያወጣል፣ በወፈረ ቁጥር ይብሳል። በመዶሻ ሰብረው ነው ያወጡኝ።

ስለ ቶም ሳቪኒ የነገርሽኝን አልረሳሁም። ቬትናም ጦርነት ላይ ፎቶ አንሺ ሆኖ ያየውን ቁስል ነው በኋላ ለፊልም የሠራው አልሽኝ። እሱ ከእውነተኛው ተነስቶ የውሸቱን ሠራ። አንቺ የውሸቱን ስትሠሪ እውነተኛውን አመጣሽ።

ሥራሽን ተዪ አላልኩም። እናትሽ "በኮምፒውተር ብትሠራው ምናለበት" ትላለች፤ እኔ ግን ይገባኛል። በእጅ የተሠራ ነገር ጥላ አለው፣ ተዋናዩም ፊቱ የቆመውን አይቶ ነው የሚደነግጠው።

ዘጌ፣ ኡራ ኪዳነ ምሕረት የወሰድኩሽ ቀን ትዝ ይልሻል? በላዔ ሰብእን ግድግዳው ላይ አይተሽ ጋቢዬ ውስጥ ተደበቅሽ። በጀልባ ስንመለስ ግን እስከ ባሕር ዳር ድረስ ወሬሽ እሱ ብቻ ነበር፤ 78 ሰው በልቶ በጥርኝ ውሃ እንዴት ይማራል እያልሽ። በሳምንቱ ከተረፈኝ ጄሶ ጭንቅላቱን ሠራሽው። ጥርሱ የበቆሎ ፍሬ፣ ፀጉሩ ደንገል። እናትሽ ጓዳ ገብታ ጮኸች፣ እኔም ሰይጣን ቤቴ አይገባም ብዬ በመዶሻ አደቀቅኩት። አላለቀስሽም። ፍርፋሪውን ጠርገሽ ደፋሽው። ልጄ፣ ጥሩ ሥራ ነበር። የስንቱን ቤት ኮርኒስ በጄሶ ያስጌጥኩ ሰው ነኝ፣ ያኔም አውቄዋለሁ። ይኸው እስከ ዛሬ አልነገርኩሽም።

የጥርስ ሐኪሞች ቅርጽ የሚያወጡበትን አልጂኔት ያሳየሽኝ ራስሽ ነሽ። ለምን ተውሽው? ተወዶብሽ ከሆነ ንገሪኝ፣ እልክልሻለሁ። መጀመሪያ እሱን ቀቢ፣ የጄሶ ፋሻው ከላዩ ይሁን። ፊት ከሆነ አፍንጫውን ክፍት ተዪ። ላቴክሱን፣ ያን ፈሳሽ ጎማ፣ መስኮት ከፍተሽ ሥሪ፣ አሞኒያው ጉሮሮ ይይዛል። ጄሶ ግን ባዶ ገላ ላይ አታድርጊ። ቫዝሊን ቀብቻለሁ ብለሽም አታድርጊ፤ ቫዝሊን እንዳይጣበቅ ነው እንጂ ሙቀት አይከለክልም።

ለቀረጻ ስትመጡ ደግሞ ማታ ደንገሉ ውስጥ እንዳትገቡ፣ ጉማሬ አለ።

ዛሬውኑ ለልጁ እናት ደውዪ። ወንድምሽን አትላኪ፣ ራስሽ ደውዪ። ፋሻው ሲፈታ ሄደሽ ጣቶቹ መታጠፋቸውን እይና ንገሪኝ።

አባትሽ