ሰዓትሽን ራስሽ መዝግቢ

ይድረስ ለውድ ልጄ፣

ሎስ አንጀለስ ሬስቶራንት ውስጥ በሰዓት 20 ዶላር መቀጠርሽ ደስ ብሎኛል። ባለቤቱ የሀገራችን ሰው መሆኑም መልካም ነው፤ ይህን የምጽፍልሽ ግን በዚያው ምክንያት ነው። «ጋሼ» እያሉ ሂሳብ መጠየቅ ይከብዳል፤ የካሊፎርኒያ የሥራ ሕግ ግን ይሉኝታ አያውቅም።

የፌዴራሉን ሕግ ከግዛቱ ጋር አትቀላቅዪ። በፌዴራሉ ሕግ ትርፍ ሰዓት የሚታሰበው በሳምንት ከ40 ሰዓት ሲያልፍ ነው። ካሊፎርኒያ ቀኑንም ለብቻው ትቆጥራለች፦ በአንድ ቀን ከ8 ሰዓት በላይ ያለው አንድ ተኩል፣ ከ12 በላይ ያለው እጥፍ ይከፈላል። ስለዚህ «ሳምንቱ 40 አልሞላም» የሚለው መልስ እዚህ አይሠራም። ቅዳሜ 13 ሰዓት ከሠራሽ ለ8ቱ 160 ዶላር፣ ለሚቀጥሉት 4 ሰዓታት በ30 ሂሳብ 120፣ ለመጨረሻዋ ሰዓት 40፣ በድምሩ 320 ነው። 260 ከሰጠሽ 60 ዶላር ጎድሎሻል። «ትርፍ ሰዓት አልፈቀድኩም» ቢልም፣ ስትሠሪ እያየ ዝም ካለ ይከፍላል።

ብዙ ሰው ገንዘቡን የሚያጣው ግን በእረፍት ነው። ከ5 ሰዓት በላይ የምትሠሪ ከሆነ 30 ደቂቃ የምግብ እረፍት አለሽ፤ አምስተኛው ሰዓት ሳያልቅ መጀመር አለበት። በፈረንጅ ሰዓት ጠዋት 10 ሰዓት ከገባሽ ከቀኑ 3 ሰዓት በፊት ማለት ነው። ፈረቃው ከ6 ሰዓት የማይበልጥ ከሆነ ሁለታችሁ ተስማምታችሁ ልትተዉት ትችላላችሁ። በዚያ 30 ደቂቃ ከቤቱ ወጥተሽ መሄድ ትችያለሽ። «እየበላሽ ስልክ አንሺ» ከተባልሽ እረፍት አይደለም። ከዚህ ሌላ ለየ4 ሰዓቱ የሚከፈልበት 10 ደቂቃ አለ። የምግብ እረፍት የተከለከልሽበት ቀን አንድ ተጨማሪ የሰዓት ክፍያ፣ የ10 ደቂቃው ከተከለከለ ደግሞ ሌላ አንድ ይጨመራል። በዚያ ቅዳሜ ሁለቱም ቢቀሩብሽ 320ው 360 ይሆናል። እረፍት ሳትወጪ እንደወጣሽ አድርገሽ በሰዓት መቆጣጠሪያው አትመዝግቢ፤ ኋላ የሚቀርብብሽ ማስረጃ ያ ነው።

ቲፕ የአንቺ ነው። በፌዴራሉ ሕግ ቲፕ ለሚያገኝ ሠራተኛ ደመወዙን በሰዓት እስከ 2.13 ዶላር ማውረድ ይቻላል፤ ካሊፎርኒያ ውስጥ ግን ዝቅተኛው ደመወዝ ሙሉውን ይከፈላል፣ ቲፑ ከዚያ በላይ ነው። ባለቤቱም ማናጀሩም ከቲፑ አይካፈሉም። በካርድ የመጣውን ቲፕ የባንክ ክፍያ ቀንሶ መስጠትም አይፈቀድም። ሳህን ሳታስቢው ቢሰበርብሽ ከደመወዝሽ አይቆረጥም።

አንድ ቀን «ማናጀር አድርጌሻለሁ፣ ከዛሬ ጀምሮ ወርኃዊ ደመወዝ» ቢልሽ ከመደሰትሽ በፊት ጠይቂ። ስም ብቻ ትርፍ ሰዓትን አያስቀርም። ከግማሽ በላይ ጊዜሽን እውነተኛ የአስተዳደር ሥራ መሥራት፣ ደመወዝሽም የግዛቱ ዝቅተኛ የሙሉ ጊዜ ደመወዝ እጥፍ መሆን አለበት። ይህ በ2025 በዓመት 68,640 ዶላር ነበር። ትዕዛዝ እየተቀበለች ሳህን የምታመላልስ ማናጀር ትርፍ ሰዓት ይገባታል።

በየክፍያው ወረቀት ተቀበዪ፤ በጥሬ ገንዘብ ቢከፍልሽም መስጠት ግዴታው ነው። የሠራሽው ሰዓት፣ የሰዓት ዋጋው፣ የተቆረጠው፣ የድርጅቱ ሕጋዊ ስምና አድራሻ መኖሩን እዪ። የሬስቶራንቱ ስም በር ላይ ከተጻፈው ሊለይ ይችላል፣ ክስ ስትመሠርቺ የሚያስፈልግሽ ሕጋዊው ነው። አሮጌ ወረቀቶችሽን በጽሑፍ ከጠየቅሽ በ21 ቀን ውስጥ ማሳየት ወይም ቅጂ መስጠት አለበት። የራስሽንም ደብተር ያዢ፦ የገባሽበት፣ የወጣሽበት፣ የምሳ ሰዓት፣ በየቀኑ፣ በዚያኑ ቀን። በፈረንጅ ሰዓት ጻፊው፤ በእኛ አቆጣጠር የተጻፈ ለዳኛ ማስረዳት ራስ ምታት ነው።

ካባረረሽ የመጨረሻ ክፍያሽን ያልተጠቀምሽበትን የዕረፍት ፈቃድ ጨምሮ በዚያው ሰዓት ይሰጥሻል። ራስሽ ከለቀቅሽ በ72 ሰዓት ውስጥ፤ ከ72 ሰዓት በፊት ካሳወቅሽ ግን በመጨረሻው ቀን። ሆን ብሎ ካዘገየ ለእያንዳንዱ ቀን የአንድ ቀን ደመወዝ ይጨመርልሻል፣ እስከ 30 ቀን።

እምቢ ካለ ለግዛቱ የሠራተኛ ኮሚሽነር ጽሕፈት ቤት አመልክቺ። ክፍያ የለውም፣ ጠበቃ ግዴታ አይደለም፣ አስተርጓሚ ይመደባል፣ የመኖሪያ ፈቃድም አያስፈልግም። አብዛኛውን ጊዜ መጀመሪያ ለማስታረቅ ይጠሯችኋል፣ ካልተስማማችሁ ችሎት ይሰማል። የትርፍ ሰዓት ገንዘብ ወደኋላ 3 ዓመት ይጠየቃል፤ በቃል የተገባልሽ ደመወዝ ከሆነ ግን 2 ዓመት ብቻ፣ ስለዚህ አታዘግዪ። ስለጠየቅሽ ቢያባርርሽ ወይም ፈረቃ ቢቀንስብሽ ያ ራሱን የቻለ ጥፋት ነው፤ በ90 ቀን ውስጥ ከሆነ ሕጉ በቀል ነው ብሎ ይነሣል፣ ሌላ ምክንያት እንዳለው የማሳየቱ ነገር በእሱ ላይ ይወድቃል። ለዚህ አቤቱታ ያለሽ ጊዜ 1 ዓመት ነው።

የመጀመሪያው የክፍያ ወረቀት ሲደርስሽ ፎቶ አንስተሽ ላኪልኝ፤ አብረን እንቆጥረዋለን።

አባትሽ