ዳልቻን የሚስልልኝ አጣሁ

ሰብልዬ፣

እንደምነሽ? ጠፋሁ፣ አውቃለሁ። አንቺም ጠፍተሻል፣ ስለዚህ ተቻችለናል። ስድቡን ስንገናኝ ታወርጂብኛለሽ። እዚህ ሁሉም ደህና ነው። አዲሱ የአባይ ድልድይ ሥራ ጀምሯል፣ ባጃጁ ያው ነው፣ እማዬም ጉልበቷን ያማታል እንጂ ደህና ናት፣ ስምሽን ሳታነሣ አትውልም። የሰርጉን ነገር ዛሬ አላነሣብሽም። በቃ፣ ወሬው ይኼው ነው።

ወደ ጉዳዬ ልግባ። ዳልቻ ተመልሷል።

አዎ፣ ያው ዳልቻ! ደንገሉ ዳር ተጋድመን ደመና ላይ የምናሰማራው በሬ። ትንሿ ልጄ መብራት በጠፋ ቁጥር ተረት ካልነገርሽኝ እያለች ስታስጨንቀኝ፣ የማውቀው ሁሉ አለቀብኝና እሱን አወጣሁት። ከዚያ ወዲህ ቤታችን ውስጥ ሌላ ወሬ የለም። ያን ደመና ላይ የፈጠርነውን አገር፣ ላይ ቤትን፣ እንዳለ ወርሳዋለች። ባለ ስድስት ክንፏን ዶሮ፣ ነፋስ የሚጠባውን ጥጃ፣ ስታነጥስ ዝናብ የምታወርደውን ፍየል፣ ሁሉንም በየስማቸው ትጠራለች።

ችግሩ ምን መሰለሽ፣ የዛሬ ልጅ በሬ በረረ ስትያት እሺ ብላ አትተኛም። "በምን?" ትላለች። እኛ በምን ብለን ጠይቀን እናውቃለን?

መጀመሪያ ክንፍ ሰጠነው። አልሆነም። ጥንብ አንሳ በ1973 እ.ኤ.አ. አቢጃን ሰማይ ላይ ከ11 ሺህ ሜትር በላይ ከፍታ ከአውሮፕላን ጋር ተጋጭቷል፣ ግን እሱ 10 ኪሎ እንኳ አይሞላም። በሬ ሌላ ነገር ነው። ስለዚህ ከአየር የሚቀል ጋዝ ሞላነው፣ ሃይድሮጅን። እዚህ ከፍታ ላይ፣ ወደ 1,800 ሜትር ማለት ነው፣ አየሩ ሳሳ ስለሚል አንድ ሜትር ኩብ ሃይድሮጅን የሚያነሣው ከአንድ ኪሎ ትንሽ ያነሰ ነው። 300 ኪሎ በሬ ለማንሣት ከ300 ሜትር ኩብ በላይ ሊኖርሽ ነው። ድቡልቡል ብናደርገው ከዳር እስከ ዳር 8 ሜትር ተኩል ገደማ! ሆዱ ሳሎናችን አይገባም። ጅቡቲ ቢሆን ኖሮ ትንሽ ቀጠን ይል ነበር፣ እንግዲህ የተወለደው ጣና ላይ ነው፣ ምን ይደረግ።

ጋዙ ከየት ይመጣል? ይኼን የመለሰችው እሷ ናት። "ማታ ማታ ወርዶ እምቦጩን ይብላልና!" አለችኝ። እንዴት እንደሳቅኩ አትጠይቂኝ። ይኸው ስንት ዓመት ሰው በእጁም በማሽንም እየነቀለ ያልጨረሰውን አረም ለዳልቻ አስረከበችው። ግን እምቦጭ ከመቶው ከ90 በላይ ውኃ ነው፣ አንድ ሆድ ሙሉ በልቶማ አይነሣም ብዬ ተከራከርኩ። ኋላ ሳስበው ግን ልጅቷ ልክ ናት። እውነተኛ በሬም ቢሆን ሆዱ ውስጥ ያሉት ረቂቅ ተሕዋስያን ሣሩን ሲያብላሉ ሃይድሮጅን ይወጣል፣ ሌሎቹ ደግሞ ወዲያው ተሻምተው ሚቴን የሚባል ሌላ ጋዝ ያደርጉታል፣ በሬውም አግሥቶ ያስወጣዋል። የኛው በሬ እነዚያ ተሻሚዎች የሉበትም፣ አያገሳምም። በቃ! ሌሊት ይበላል፣ ከብዶ ውኃው ላይ ተኝቶ ሲያመሰኳ ያድራል፣ ውኃውን በሽንትም በትንፋሽም ያስወጣል፣ ረፋድ ላይ ሆዱ መነፋት ይጀምራል፣ ቀትር ሲሆን ደብረ ማርያምን ከላይ ያያታል። ካገሣ ግን ወደቀ። ላይ ቤት ውስጥ ጨዋነት የነፍስ ጉዳይ ነው።

እንቅልፍ የነሣኝ መብረቁ ነው። የክረምት ከሰዓት በኋላችንን ታውቂው የለ? ዳልቻ ወደ ላይ የሚወጣው ልክ ደመናው በሚጠቁርበት ሰዓት ነው፣ ሃይድሮጅን ደግሞ ተቀጣጣይ ነው። በ1937 እ.ኤ.አ. ሂንደንበርግ የምትባለው የአየር መርከብ አሜሪካ ልታርፍ ስትል በእሳት ተያይዛ 36 ሰው አልቋል። ይኼን ለልጅ አልነገርኩም፣ አላበድኩም። ብቻዬን ነው የተብሰከሰኩት። መውጫው የተገኘው ከአውሮፕላን ነው። አውሮፕላንን መብረቅ ሲመታው ኤሌክትሪኩ በውጭ በኩል በቆርቆሮው ላይ ሄዶ በሌላኛው ጫፍ ይወጣል፣ ውስጥ ያለው ሰው ብዙውን ጊዜ ድንጋጤ ብቻ ነው የሚተርፈው። እና ዳልቻንም በቀንዱ ገብቶ በጅራቱ ይውጣለት። ቆዳው እስካልተቀደደ ድረስ ውስጡ አየር የለም፣ አየር ከሌለ እሳት የለም። ስለዚህ ከቀንዱ ተነሥቶ በጀርባው እስከ ጅራቱ ጫፍ የሚወርድ የመዳብ መስመር ያስፈልገዋል።

እና... እንዴት ልበልሽ። የዳልቻን ተረት ጽፌ ጨርሻለሁ፣ ላሳትመው ነው። ሥዕል የለውም። ሰው አፈላልጌ ነበር፣ አንዱ ፊኛ ላይ ቀንድ ተክሎ አመጣልኝ። ዳልቻን በልኩ የሚያውቀው ካንቺ ሌላ ማን አለ? ገንዘብ... ብዙ የለኝም፣ ግን በነጻ ሥሪልኝ እያልኩ አይደለም፣ ዋጋሽን ንገሪኝና እንከራከራለን፣ እምቢ ካልሽም እምቢ በይኝ፣ አልቀየምም። እሺ፣ ትንሽ እቀየማለሁ።

ሌላም ነገር አለ። ልጅቷ ያንቺን ሥዕል ያየች ቀን የኔን ተረት ትታ አንቺን አምጪልኝ እንደምትል ይታወቀኛል። ከአሁኑ ቀንቻለሁ።

ሆዱን እንደፈለግሽ አድርጊው። ቀንዱን ግን አደራ፣ ያንቺ ቀንድ ድሮም ማንኪያ ነው የሚመስለው፣ መብረቁ ደግሞ መግቢያ ይፈልጋል። መስመሩ ጅራቱ ላይ ይቋረጥ ወይስ ፀጉሩ ራሱ መዳብ ይሁን የሚለውን አልወሰንኩም፣ አንቺ ወስኚ። በእርሳስ የተጫረም ቢሆን ቶሎ በቴሌግራም ላኪልኝ፣ ስልኬ ያው ነው። የዶሮዋን ስድስት ክንፍ ደግሞ የት የት እንደምትሰኪያቸው እንጃልሽ።

ያንቺው