ቁልፉ ኪስህ ይግባ

ልጄ፣ እንዴት ሰነበትክ። እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን፣ እናትህን ጉልበቷን ትንሽ አሟት ነበር አሁን ተሽሏታል። ትናንት በቴሌግራም የላክኸውን ፎቶ አየነው፣ እሷ "ከሳብኝ" አለች፣ እኔ ግን ያየሁት ፓኔሉ ተከፍቶ እጅህ ውስጥ ገብቶ ነው፣ መብራቱን የምታጠፋበት ብሬከር ላይ ጓጉንቸር የለም። ሌሊቱን እንቅልፍ አልወሰደኝም።

ስማኝ። አጥፍተህ ስትሰራ በራስህ ጓጉንቸር ቆልፍና ቁልፉን ኪስህ ክተት። ለጓደኛህም ለአለቃህም አትስጥ።

ጉባ ህዳሴ ግድብ ስትመደብ እንዴት ደስ እንዳለኝ ታውቃለህ፣ በ2003 ግድቡ ሲጀመር የወር ደሞዜን ቦንድ ገዝቼበት እናትህ ስትቆጣ ሰምተሃል። አባ ሳሙኤል የውሃ መብራት ማመንጫ ወስጄህ ውሃው ከላይ ሲወርድ ተርባይኑን ይገፋል፣ ተርባይኑ ጄኔሬተሩን ያዞራል ስልህ "ከዛ ውሃው ያልቃል?" አልከኝ፣ አያልቅም የኔ ጌታ፣ መንገዱን ይቀጥላል። አባ ሳሙኤል ሙሉው 6.6 ሜጋዋት ነው፣ አንተ ጋ አንዷ ተርባይን ብቻ 400። እኔን እንቅልፍ የነሳኝ እሱ ነው።

ክርስትና አባትህን እጁን ማሽን ነው የቆረጠው ብለን ነው ያሳደግንህ። ማሽኑን ያስነሳሁት እኔ ነኝ። ቃሊቲ ፋብሪካ እያለን እሱ ከኋላ ተንበርክኮ ቺንጊያ ይቀይራል፣ እኔ ፈረቃ ልረከብ ስገባ ማሽኑ ቆሟል፣ መብራት ሄዶ የመጣ መስሎኝ ብሬከሩን ከፍ አደረግኩት። ጩኸቱን እስከዛሬ እሰማዋለሁ። ጓጉንቸር ቢኖርበት እጄ ይመለስ ነበር። እሱ አንድ ቀን እንኳን አንተ ነህ ብሎኝ አያውቅም፣ አንተን ክርስትና ሲያነሳህ በቀረችው እጁ ታቅፎህ ቆሞ እኔ ቀና ብዬ ማየት አቃተኝ። ሃያ ምናምን አመት ይሄን ልነግርህ ፈልጌ አፌ እምቢ አለኝ።

ቁልፉ ኪስህ ይግባ። ደግሞ ጠፍቷል ያሉህን መስመር አትመን፣ 500 ኪሎቮልቱ ጎኑ ካለ የጠፋውም ይነዝራል፣ በመሞከሪያ ሞክረህ፣ በሽቦ ከመሬት አገናኝተህ አርዝ አድርገህ ነው የምትነካው። ተርባይን ውስጥ ከገባህም የውሃው በር መዘጋቱን ሄደህ በአይንህ እይ።

አጎበር ውስጥ ተኛ፣ ቆላ ነው ወባ አለ። በሶና ቆሎ በሚመጣው ልጅ ልካልሃለች፣ ጣሳውን መልስ ብላለች። ነገ ስራ ስትገባ ፎቶ ላክልኝ፣ ፊትህን አይደለም፣ ጓጉንቸሩን ተቆልፎ።

አባትህ