የአናፖሊስን በር 33 ዓመት የጠበቁት ጠበቃ

ለተከበሩ አዘጋጅ፣

እኛ ሜሪላንድ ያለን ኢትዮጵያውያን ቡና ላይ ስንቀመጥ የምናነሳው የዋሽንግተኑን ኮንግረስ ነው። የልጆቻችን ትምህርት ቤት ገንዘብ፣ የመንጃ ፈቃዳችን ደንብ፣ የሰዓት ክፍያችን ዝቅተኛ ወለል ላይ የሚመከረው ግን የስቴታችን ዋና ከተማ አናፖሊስ ነው። እዚያ ለአንድ ትውልድ ማን ሲመራ እንደኖረ ቢጠየቅ ብዙዎቻችን መልስ የለንም። ስለዚህ ስለ ቶማስ ማይክ ሚለር ልጽፍላችሁ ወደድኩ።

ሚለር እ.ኤ.አ. በ1942 ተወልደው ፕሪንስ ጆርጅስ ካውንቲ፣ ክሊንተን ያደጉ ሰው ናቸው። ቤተሰቡ ሱቅ ነበረው፤ እሳቸው የ10 ልጆች ታላቅ ነበሩ። በ1967 ከሜሪላንድ ዩኒቨርሲቲ በሕግ ተመርቀው ጠበቃ ሆኑ፤ በ1971 ታችኛው ምክር ቤት፣ በ1975 ሴኔት ገቡ። ከ1987 እስከ ጥር 2020 የሴኔቱ ፕሬዚዳንት ነበሩ። በሜሪላንድ ታሪክ እንዲህ ረጅም ጊዜ ሴኔቱን የመራ የለም።

የሜሪላንድ ምክር ቤት በዓመት 90 ቀን ብቻ ስለሚሰበሰብ ጥብቅናና ሕግ አውጪነት አብረው ይሄዳሉ። ጠበቃ ደግሞ ረቂቅ ሕግ ላይ «ይችላል» እና «አለበት» የሚሉት ቃላት ምን ያህል እንደሚራራቁ ያውቃል። ይህ እውቀት ያስፈልገናል፤ አልክድም።

እኔን የሚያሳስበኝ በሩ ነው፤ ማለትም የትኛው ረቂቅ ለድምፅ እንደሚቀርብ የመወሰን ሥልጣን። ሚለር የሞት ቅጣት ደጋፊ ነበሩ። በ2009 ቅጣቱን ለማስቀረት የቀረበው ረቂቅ ሴኔት ውስጥ ተሸራርፎ ገደብ ብቻ ሆኖ ወጣ። በ2013 ግን ቅጣቱ እንዲቀር የሚደግፉት ድምፅ መሙላቱን ሲያዩ፣ እሳቸው ባይስማሙም ጉዳዩ ለሴኔቱ እንዲቀርብ ፈቀዱ፤ 27 ለ 20 አለፈ፤ የሞት ቅጣት ከሜሪላንድ ሕግ ወጣ። የማይወዱትን ሕግ ድምፅ እንዲሰጥበት መፍቀድ ትልቅነት ነው፤ ለዚህ አከብራቸዋለሁ። ሆኖም የሰው ሕይወት የተያዘበት ጉዳይ የአንድን ሰው ፈቃድ መጠበቅ አልነበረበትም። እሳቸው ባይፈቅዱስ ኖሮ?

አንድ ነገር ልጨምር። የሴኔተሮቹ ቢሮ ያለበት ሕንፃ በሕይወት እያሉ፣ ገና ወንበሩ ላይ ሳሉ በስማቸው ተሰይሟል። አዲስ የተመረጠ ሴኔተር በየጠዋቱ የአለቃውን ስም በሩ ላይ እያነበበ ገብቶ አለቃውን «አይሆንም» ለማለት ምን ያህል ድፍረት ይበቃዋል? ይህን የምለው ሰውየውን ለመንቀፍ አይደለም። በ2019 የፕሮስቴት ካንሰር እንዳለባቸው ለሕዝብ ተናግረው ሥራቸውን ቀጠሉ፤ ጥር 2021 በ78 ዓመታቸው አረፉ። ለሥራው የነበራቸው ፍቅር የማይካድ ነው። ለሴኔት አባልነት ሕዝቡ በየአራት ዓመቱ ይምረጥ፤ የመሪነቱ ወንበር ግን የዓመት ልክ ሊበጅለት ይገባል ብዬ አምናለሁ።

መንገዱ ካልተጨናነቀ አናፖሊስ ከሲልቨር ስፕሪንግ አንድ ሰዓት አይፈጅም። ጉባኤው የሚከፈተው በጥር ሁለተኛው ረቡዕ ነው። እባካችሁ በዚያ ቀን አንድ ዘጋቢ ላኩልን፤ የትኛው ረቂቅ የት ኮሚቴ ውስጥ እንደተያዘ፣ ማን እንደያዘው በአማርኛ እናንብብ።

አክባሪ አንባቢያችሁ
ከሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ