ባንዲራው ከገበሩ በኩል ነበር

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፣

ስለ ስደተኛ ወጣቶች አለባበስ ባወጣችሁት ጽሑፍ የሄይቲ ልጆችን «ብራንድ አሳዳጆች» ብላችሁ ማለፋችሁ ከነከነኝ። እኔ ኒውዮርክ፣ ብሩክሊን፣ ፍላትቡሽ ሰፈር ውስጥ ልብስ አስተካካይ ነኝ። ሱሪ አሳጥራለሁ፣ ዚፕ እቀይራለሁ። ደንበኞቼ ባብዛኛው ሄይቲያውያን ናቸው።

ባለፈው ክረምት አንድ የአሥራ ስድስት ዓመት ልጅ ጃኬትና ትንሽ ባንዲራ ይዞ መጣ። ከሄይቲ ዋና ከተማ ከፖርት ኦ ፕራንስ ከመጣ ዓመት አልሞላውም። ባንዲራውን ከውስጥ፣ ገበሩ ላይ ስፊልኝ አለኝ። ለምን ከውጭ አይሆንም? አልኩት።

«ማዳም፣ ትምህርት ቤት ይስቁብኛል።»

የሚስቁበት ነጮች እንዳይመስሏችሁ። እዚሁ ተወልደው ያደጉ የሄይቲያውያን ልጆች ናቸው። እናቱ ሸሚዙን ሱሪው ውስጥ ከትታ፣ ሱሪውን ቀጥ አድርጋ ተኩሳ ነው የምትልከው። አገራቸው ተማሪ እንዲያ ነው የሚለብሰው። እዚህ ግን በዚያው ከሩቁ «አዲስ ገቢ» መሆኑ ይለያል። የሚገርመው፣ አገሩ እያለም የሚለብሰው የአሜሪካ ልብስ ነበር። እኛ ሳልቫጅ የምንለውን እነሱ ፔፔ ይሉታል፤ ከዚህ በቦንዳ ታስሮ የሚሄደውን ልባሽ ማለት ነው። እዚያ ያስከበረው ልብስ እዚህ ፋራ አደረገው።

መደበቁ ደግሞ ከሱ አልጀመረም። እ.ኤ.አ. በ1983 የአሜሪካ ጤና ባለሥልጣናት ሄይቲያውያንን በጅምላ ለኤድስ ተጋላጭ ብለው ፈረጁ። በ1990 ደም እንዳትሰጡ ተባሉ። ያኔ ስንቱ ወጣት ጃማይካዊ ነኝ እያለ ነው ያለፈው። በዚያው ዓመት ኤፕሪል 20 ግን ይህን ተቃውመው በአሥር ሺዎች ሆነው የብሩክሊንን ድልድይ ተሻገሩ፤ ክልከላውም ዓመቱ ሳያልቅ ተነሳ። የዛሬዎቹ ልጆች ባንዲራ ራሳቸው ላይ ሲያስሩ ለእናንተ ፋሽን ነው፤ ለእናቶቻቸው ግን ሌላ ነገር ነው።

ሜይ 18 የባንዲራ ቀናቸው ነው። በ1803 የነፃነት ጦራቸው መሪ ደሳሊን ከፈረንሳይ ባንዲራ ነጩን ቀዶ አወጣ፣ ካትሪን ፍሎን የቀሩትን ሰማያዊና ቀዩን ሰፋቻቸው ይላሉ። የሙያ ነገር ሆኖ ይሄን ታሪክ እወደዋለሁ።

ልጁ ከበዓሉ ሳምንት ቀደም ብሎ ያንን ጃኬት ይዞ ተመለሰ። «ማዳም፣ ወደ ውጭ አውጪልኝ።» ፈትቼ ጀርባው ላይ ሰፋሁለት። ሊወጣ ሲል ከቦርሳው ያንን የተተኮሰ ሱሪ አወጣና ሰፋ አድርጊልኝ አለኝ፤ ጠባብ አልፎበታል። ስፌቱ ውስጥ ሁለት ጣት ጨርቅ ተርፎ ነበር፤ ለቀቅሁለት።

ልብስ ሰፊዋ፣ ከፍላትቡሽ