ለልጄ፦ ስለፈጠርሽው ዓለም የዘመን አቆጣጠር

ውድ ልጄ፣

የላክሽልኝን የምናባዊ ዓለምሽን ካርታና የዘመን አቆጣጠር ቁጭ ብዬ አየሁት። ካርታው ግሩም ነው። ወንዙ ከተራራው ተነስቶ በሦስቱ ከተሞች አልፎ ባሕር የሚገባበት መንገድ ልቤን ወስዶታል። የዘመን አቆጣጠሩ ላይ ግን የምልሽ አለኝ።

ዓመቱን በ10 ወር፣ ወሩን በ36 ቀን ከፍለሽዋል። ሁሉም እኩል ነው፤ ትርፍ የለ፣ ጉድለት የለ። ተፈጥሮን የተከተለ ነው ብለሻል። ተፈጥሮ ግን እንዲህ እኩል አታካፍልም። የራሳችንን ምድር እዪ። ጨረቃ ከተወለደች እንደገና እስክትወለድ 29 ቀን ተኩል ገደማ ነው። አሥራ ሁለት ጊዜ ስትወለድ 354 ቀን ይሆናል። የፀሐይ ዓመት ደግሞ 365 ቀን ከሩብ ገደማ ነው። መሃል ላይ 11 ቀን ያህል ይቀራል። ይህችን ልዩነት ሁሉም በየራሱ መንገድ ነው የፈታት። የእስልምና አቆጣጠር ጨረቃን ብቻ ስለሚከተል ረመዳን በ33 ዓመት ገደማ ወቅቶቹን ሁሉ ያዳርሳል። አይሁድ በ19 ዓመት ውስጥ ሰባት ጊዜ አንድ ወር ይጨምራሉ። የጥንት ግብፆች 365 ብለው ቆረጡት፤ ሩቧን ቀን ስለተዉአት አቆጣጠራቸው በየአራት ዓመቱ አንድ አንድ ቀን ከወቅቱ እየራቀ ሄደ።

ስለዚህ ቁጥሩ አልገጥም ሲልሽ አትደንግጪ። እንዲያውም ታሪክሽ ያለው እዚያ ነው። ትርፉን ቀን ማን ይጨምራል? ንጉሡ ነው ካህኑ? በዚያ ቀን ሥራ ይሠራል? የተወለደስ ዕድለኛ ነው ወይስ የተረገመ?

ሌላው፣ ቀን የሚቆጥር ሰው የሚቆጥርበት ጉዳይ አለው። ግብፆች ዓመታቸውን በሦስት ወቅት የከፈሉት ኑሯቸው የዓባይ ውሃ ስለነበር ነው፦ የጎርፍ፣ የቡቃያና የመከር። ሳሞአ ደሴቶች አካባቢ ፓሎሎ የሚባል፣ ሰው የሚበላው የባሕር ትል አለ። በጥቅምትና በኅዳር አካባቢ፣ ጨረቃ ልታልቅ ሩብ ሲቀራት፣ በጥቂት ሌሊቶች ውስጥ የኋላ አካሉ ተቆርጦ ግልብጥ ብሎ ወደ ባሕሩ ገጽ ይወጣል። ዓሣ አጥማጁ የወቅቱን ሌሊቶች ካሳለፈ እስከ ቀጣዩ ዓመት መጠበቅ ነው። ቀን መቁጠር የግድ የሚሆነው እንዲህ ነው።

አሁን ወደ ወንዝሽ እንምጣ። በመካከለኛዋ ከተማ፣ ወንዙ ዳር፣ መስመር የተቀረጸበት ድንጋይ አለ እንበል። ዝናቡ ሲጀምር አንዲት ባልቴት ማለዳ ማለዳ ይወርዳሉ። መስመሯን በጣታቸው ይዳብሳሉ። ደረቅ ናት። በማግስቱም ደረቅ። አንድ ቀን ጣታቸው እርጥብ ሆኖ ይመለሳል። በቃ፣ አዲስ ዓመት ነው!

ግን አስቢው። ሙላቱ ላይኛዋ ከተማ ቀድሞ ይደርሳል። መካከለኛዋ ጋ ከሦስት ቀን በኋላ፣ ባሕሩ ዳር ካለችው ደግሞ ከስድስት ቀን በኋላ። አዲሱ ዓመት ራሱ ወንዙን ተከትሎ ይወርዳል ማለት ነው። ላይኛዋ ከተማ ውስጥ ዕዳው በአዲስ ዓመት የሚከፈል ሰው ፈረሱን ጭኖ ውሃውን ከቀደመው፣ ታች ሲደርስ ገና አሮጌው ዓመት ላይ ነው። አበዳሪውስ ዝም ይላል? ድርቅ የመታ ጊዜ ውሃው መስመሯ ጋ ባይደርስስ? ግብር የሚሰበሰበው በአዲስ ዓመት ከሆነ ንጉሡ በሌሊት ሰው ልኮ ዝቅ ያለ መስመር ያስቀርጻል። ባልቴቷ ጠዋት ወርደው ሁለት መስመር ያገኛሉ። እኔ ብሆን አንድ ሙሉ ምዕራፍ እዚህ ላይ እጽፍ ነበር።

የወሮቹን ስም በተመለከተ አንድ ነገር ብቻ። ፈረንሳዮች ከአብዮቱ በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1793፣ የጉም ወር፣ የአበባ ወር፣ የሙቀት ወር እያሉ ዓመቱን አዲስ ስም አወጡለት። ስሞቹ የራሳቸውን አገር አየር የተከተሉ ነበሩ፤ ምድር ወገብ ላይ ላለ ሰው ትርጉም የላቸውም። በ1806 መግቢያ ላይ ናፖሊዮን አስቀረው። ያንቺም «የበረዶ ወር» ለተራራው ሰው ይሆናል እንጂ ባሕር ዳር ያለው በረዶ የት ያውቃል? ሦስቱም ከተሞች የየራሳቸው ስም ይኑራቸው። ነጋዴዎችሽ ሁሉንም ይልመዱ።

ለረጅም ዘመን ደግሞ ቀርከሃን ተጠቀሚ። በ120 ዓመት አንዴ ገደማ የሚያብብ ዝርያ አለ፤ ካበበ በኋላ አብዛኛው ይደርቃል። «ከአበባው በፊት» እና «ከአበባው በኋላ» ብለው ዘመን የሚከፍሉ ሰዎች ይታዩኛል። ሁለቴ ያየው ሰው ስለማይኖር፣ ለቀጣዩ አበባ ስንት እንደቀረ የሚያውቁት በጽሑፍ ብቻ ነው። ጽሑፉ ቢቃጠልስ?

ለዓለምሽ የጨመርሽላትን ሁለተኛ ጨረቃ ለጊዜው ተያት። የምትሠራው ሥራ ከሌላት ጌጥ ብቻ ነው የምትሆነው። ከፈለግሻት ግን ስሌቱን አብረን እንሠራለን። ከዚያ በፊት አንድ ነገር መልሺልኝ፦ ዋናዋ ገጸ ባሕሪሽ ውሃው መስመሯን ባልነካበት ዓመት ብትወለድ፣ ዕድሜዋን ከየት ጀምራ ትቆጥራለች?

አባትሽ